የክሌኒ ኮከብ ከየት መጣ? ሰውየውን የምታውቁ እስቲ አስረዱኝ

ማራኪ_ሦስተኛ_ዓመት

ጤና ይስጥልኝ ለሁላችሁ። ጎንደር ዩኒቨርሲቲ ኮምፒውተር ሳይንስ ነው የምማረው። ዘንድሮ አውቶማታ፣ ማለትም ምልክት አንድ በአንድ እያነበቡ የሚሠሩ ምናባዊ ማሽኖችን የሚያጠና ኮርስ፣ ይዘናል። ምዕራፍ በተቀየረ ቁጥር አንድ ስም ይመጣል፤ ክሌኒ። የክሌኒ ኮከብ፣ የክሌኒ ቲዎረም፣ ወደ መጨረሻው ደግሞ የክሌኒ ሪከርሽን ቲዎረም። ስለ ሰውየው ግን ስላይዱ ላይ አንድ መስመር እንኳ የለም። ኮከቡ «ዜሮ ጊዜም ሆነ የፈለገውን ያህል መድገም» ነው ተባልን፣ ጻፍን፣ አለፍን።

ሁለት ጥያቄ አለኝ። አንደኛ፣ የሒሳብ ሎጂክ ሰው ነበር ይባላል። ታዲያ ኮምፒውተር ውስጥ ምን አስገባው? ሁለተኛ፣ ዶርም ያሉ ጓደኞቼ «ለፈተና ሸምድጂውና እርሺው፣ ሥራ ላይ አይጠቅምሽም» ይሉኛል። እውነት ነው?

ቀሐ_ማዶ

እህቴ፣ ጥሩ ጠየቅሽ። ይህን ኮርስ ሳስተምር ቆይቻለሁ፤ ተማሪ ስለ ክሌኒ ሲጠይቅ ብዙ አላጋጠመኝም። ረዘም አድርጌ ልጻፍልሽ።

ስቴፈን ኮል ክሌኒ እ.ኤ.አ. በ1909 አሜሪካ ውስጥ ሃርትፎርድ በምትባል ከተማ ተወለደ። ፕሪንስተን ገብቶ በአሎንዞ ቸርች ሥር ተማረ፤ ዶክትሬቱን በ1934 አገኘ። ዓመቱን ልብ በይልኝ። ያኔ ዛሬ የምናውቀው ዓይነት ኮምፒውተር በዓለም ላይ የለም። እነዚህ ሰዎች ስለ ስሌት የሚከራከሩት በወረቀትና በእርሳስ ነው።

ክርክሩ ይሄ ነበር። አንድን የሒሳብ ጥያቄ በመመሪያ ብቻ፣ ደረጃ በደረጃ እየሄዱ፣ ምንም ብልሃት ሳይጨምሩ መፍታት ይቻላል ወይ? «ይቻላል» ለማለት ቀላል ነው። መመሪያውን ጽፎ ማሳየት ነው። «በጭራሽ አይቻልም» ለማለት ግን በዓለም ላይ ሊኖር የሚችለውን መመሪያ ሁሉ አንድ ላይ መያዝ ያስፈልጋል። ለዚያ ደግሞ መጀመሪያ መመሪያ ምን እንደሆነ በትክክል መወሰን አለበት። የኮምፒውተር ሳይንስ የተወለደው ከዚህ «አይቻልም» ከሚለው ጥያቄ ነው ብዬ አምናለሁ። ኮምፒውተሩ ኋላ ነው የመጣው።

ቸርች ላምዳ ካልኩለስ የሚባል ሥርዓት ነበረው። እዚያ ውስጥ ከፈንክሽን፣ ግብዓት ተቀብሎ ውጤት ከሚመልስ ደንብ፣ በቀር ምንም የለም። ቁጥርም ራሱ ፈንክሽን ነው፤ ሦስት ማለት «አንድን ነገር ሦስቴ አድርግ» ማለት ነው። መደመርና ማባዛት ቶሎ ተገኙ። አንድ መቀነስ ግን እምቢ አለ። «አራቴ አድርግ» የሚል ነገር ብቻ ተሰጥቶሽ «ሦስቴ አድርግ» የሚለውን እንዴት ታወጪዋለሽ? ቸርች ራሱ ላይቻል ይችላል ብሎ ጠርጥሮ ነበር። ክሌኒ መፍትሔው የመጣለት በ1932 የጥበብ ጥርሱን ሊያስነቅል ጥርስ ሐኪም ዘንድ ሳለ ነው። ዛሬ በምናስተምረው መልኩ ዘዴው ይሄን ይመስላል። ከ(0፣0) ጀምሪ። በየደረጃው የቀኙን ወደ ግራ አምጪው፣ ቀኙ ላይ ደግሞ አንድ ጨምሪ። (0፣1)፣ (1፣2)፣ (2፣3)፣ (3፣4)። አራት ደረጃ ሄደሽ ግራውን ብታዪ ሦስት ነው። አንድ ተቀነሰ። ወደ ኋላ መሄድ ሳያስፈልግ፣ ወደ ፊት ብቻ እየሄዱ።

ይህች ከተገኘች በኋላ የሞከሩት ፈንክሽን ሁሉ ይገባ ጀመር። ቸርችም «በመመሪያ ሊሰላ የሚችል ሁሉ በላምዳ ይጻፋል» ወደሚለው ሐሳብ መጣ። ክሌኒ መጀመሪያ አላመነም። ሊያፈርሰው ተቀመጠ። ማፍረስ ሲያቅተው በአንድ ሌሊት ደጋፊ ሆኖ አደረ። ይህን ራሱ ኋላ ጽፎታል።

የጉባኤ_ቤት_ልጅ

መምህር፣ ከይቅርታ ጋር ላቋርጥዎ። ያን ማፍረስ ያቃተውን ነገር ቢያብራሩልን። በምን ሊያፈርሰው ነበር?

ቀሐ_ማዶ

በዲያጎናል ነው። ካንቶር በ19ኛው መቶ ዘመን ያመጣው ዘዴ ነው። በላምዳ የሚጻፉትን ፈንክሽኖች በሙሉ ተራ ቁጥር ስጥና ደርድር። ከዚያ አንድ አዲስ ፈንክሽን ሥራ፤ «ን» ብለን የምንጠራው ማንኛውም ቁጥር ሲሰጠው፣ ን-ኛውን ፈንክሽን በራሱ ተራ ቁጥር በን ላይ ያሰላና አንድ ይጨምራል። ይህ አዲስ ፈንክሽን ከዝርዝሩ ከእያንዳንዱ ጋር ቢያንስ በአንድ ቦታ ይለያያል። ስለዚህ ዝርዝሩ ውስጥ የለም። ግን ደግሞ በመመሪያ ይሰላል፤ መመሪያውን አሁን ነግሬሃለሁ። ታዲያ የቸርች ሐሳብ ወደቀ ማለት አይደለም?

ክሌኒ ያየው ይሄን ነው። አንዳንድ መመሪያ መልስ ሳይሰጥ ለዘላለም ይሄዳል። ዝርዝሩ እነሱንም ይይዛል። ስለዚህ አዲሱ ፈንክሽን ዝርዝሩ ውስጥ ሊኖር ይችላል፤ በራሱ ተራ ቁጥር ላይ ሲደርስ ብቻ መልስ አይሰጥም። ሁለቱም ጎን መልስ ስለሌለው «ራሱ ሲደመር አንድ ከራሱ ጋር እኩል ነው» የሚለው ቅራኔ አይመጣም። የማይጨርሱትን አስቀድመህ ላውጣቸው ብትል ደግሞ፣ የትኛው እንደሚጨርስና የትኛው እንደማይጨርስ የሚለይ መመሪያ የለም። ዲያጎናሉ ማምለጫ አጣ።

ዛሬ ፕሮግራማችን ሲሰቀል የምንናደድበት ነገር፣ ያ የማያልቅ ሉፕ (ድግግሞሽ)፣ የንድፈ ሐሳቡ ምሰሶ ነው። እሱ ባይኖር ቤቱ ይፈርስ ነበር።

የጉባኤ_ቤት_ልጅ

እግዚአብሔር ይስጥልኝ መምህር። አሁን ገባኝ። እኔ አብነት ትምህርት ቤት ያደግሁ ነኝ፤ አሁን ሶፍትዌር እማራለሁ። ይህን ሳነብ ባሕረ ሐሳብ፣ የአጽዋማትና የበዓላት ማውጫው ሒሳብ፣ ትዝ አለኝ። የ2018 ዓ.ም.ን ላሳያችሁ። 5500 ሲደመር 2018፣ 7518 ዓመተ ዓለም ይሆናል። ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል። አንዱን ስለ ዘመኑ እንተዋለን፤ ወንበሩ 12 ነው። ወንበሩን በጥንተ አበቅቴ በ11 ስናባዛው 132፤ በ30 ሲገደፍ፣ ማለትም ተካፍሎ ቀሪው ሲያዝ፣ አበቅቴው 12። ወንበሩን በጥንተ መጥቅዕ በ19 ስናባዛው 228፤ በ30 ሲገደፍ መጥቅዑ 18። አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ 30 ይሆናሉ። ከዚያ ነነዌ ይወጣል፣ ፋሲካም ይወጣል።

ጥያቄዬ ይሄ ነው። ይህ በክሌኒ ቋንቋ ምን ይባላል? የኔታ ሲያስተምሩን ብልሃት አልጨመርንም። በቃል የተያዘ መመሪያ ነው፣ ሁሌም ያልቃል።

ቀሐ_ማዶ

ከዚህ የተሻለ ምሳሌ በክፍል ውስጥ አላገኘሁም። ይህ ፕሪሚቲቭ ሪከርሲቭ የሚባለው ነው። መደመር፣ ማባዛት፣ ማካፈልና መግደፍ፤ ሁሉም ስንት ጊዜ እንደሚደጋገም ከመጀመሩ በፊት የሚታወቅ ሉፕ ነው። ስለዚህ የግድ ያልቃል። የዘመኑ ቁጥር የቱንም ያህል ቢገዝፍ ሒሳቡ አይሰቀልም።

በዚህ ዓይነት ሉፕ ብቻ ግን ሁሉም ነገር አይሰላም። አከርማን በ1928 ያሳተመው ፈንክሽን ምስክር ነው፤ ይሰላል፣ ሁሌም ያልቃል፣ ግን ፕሪሚቲቭ ሪከርሲቭ አይደለም። ክሌኒ በ1936 ባሳተመው ጽሑፍ አንድ ነገር ጨመረ፤ ፍለጋ። ከዜሮ ጀምረህ አንድ በአንድ ሞክር፣ መስፈርቱን የሚያሟላ ቁጥር ስታገኝ ቁም። ሙ ኦፐሬተር ይሉታል፤ μ ተብሎ ይጻፋል። የሚገኝ ከሆነ ይቆማል። የማይገኝ ከሆነ ይሄዳል፣ ይሄዳል፣ አይቆምም።

በዚያው ጽሑፍ ያረጋገጠው ቲዎረም ለእኔ ከሥራዎቹ ሁሉ ቆንጆው ነው። ማንኛውም የሚሰላ ፈንክሽን፣ የፈለገውን ያህል ቢወሳሰብ፣ አንድ ፍለጋ ብቻ ይበቃዋል። አንዲት ሙ። ከሷ በፊትና በኋላ ያለው ሁሉ እንደ ባሕረ ሐሳብ የሚያልቅ ሒሳብ ነው። የማያልቅ የመሆን አደጋ ሁሉ በአንድ ቦታ ተሰበሰበ። በፕሮግራመር ቋንቋ፣ ማንኛውም ፕሮግራም በአንድ ዋይል ሉፕ (መስፈርቱ እስካለ በሚደጋገም ትእዛዝ) ሊጻፍ ይችላል ማለት ነው።

አዘዞ_በር

ሁሉም ጥሩ ነው። ግን ክሌኒን ከሚገባው በላይ እያገዘፋችሁት መሰለኝ። መመሪያ ማለት ምን እንደሆነ በትክክል ያሳየው እንግሊዛዊው የሒሳብ ሊቅ አለን ቱሪንግ ነው። ላምዳውን የፈጠረው ቸርች ነው። የሪከርሲቭ ፈንክሽን ትርጓሜውን በ1934 በፕሪንስተን ንግግሩ ያቀረበው የሎጂክ ሊቁ ኩርት ጎደል ነው። ክሌኒ የሦስቱን ሥራ አስተካክሎ የጻፈ ጎበዝ ተማሪ ነው። ጎደል ራሱ በቸርች ሐሳብ አላመነም ነበር፤ ያሳመነው የቱሪንግ ማሽን፣ ምልክት እያነበበና እየጻፈ የሚሄደው ምናባዊ ማሽን፣ ነው።

ቀሐ_ማዶ

ስለ ጎደል ያልከው ልክ ነው ወንድሜ። ቱሪንግም ክብሩ ይገባዋል። ማሽኑን ያነበበ ሰው «አዎ፣ ሰው ወረቀት ላይ ሲያሰላ የሚያደርገው ይሄው ነው» ይላል። ላምዳ እንዲህ አያሳምንም።

«አስተካክሎ የጻፈ» የሚለውን ግን አልቀበልም። ሦስት የተለያዩ መንገዶች አንድ ቦታ መድረሳቸውን ማን አረጋገጠ? የጎደልና የላምዳው ፈንክሽኖች አንድ መሆናቸውን በ1936 ካረጋገጡት አንዱ ክሌኒ ነው። «የቸርች ቴሲስ»፣ «የቱሪንግ ቴሲስ» ብለን የምንጠራቸው ሐሳቦችም በ1952 ባሳተመው መጽሐፍ በሰጣቸው ስም ነው። ለራሱ ስም አልሰጠም።

ማንም ያልነካውን መንገድ ደግሞ በ1943 ከፍቷል። የማይፈታ ጥያቄ አለ ብሎ ማቆም ይቻል ነበር። እሱ ግን የማይፈቱትም ደረጃ አላቸው አለ። «ይህ ፕሮግራም በዚህ ግብዓት ይቆማል ወይ?» የሚለው አይፈታም። ሆኖም መልሱ «አዎ» ከሆነ አስሂደህ ብትጠብቅ አንድ ቀን ታየዋለህ። «ይህ ፕሮግራም በማንኛውም ግብዓት ይቆማል ወይ?» የሚለው ግን ከዚያም ይብሳል። መልሱ «አዎ» ቢሆን እንኳ በመጠበቅ ብቻ አታውቀውም፤ ግብዓቱ ማለቂያ የለውም። የመጀመሪያውን የሚመልስ ተአምረኛ ሣጥን ቢሰጥህ ሁለተኛውን አይመልስልህም። ክሌኒ «አለ» እና «ለሁሉም» የሚሉት ቃላት ስንት ጊዜ እንደሚፈራረቁ እየቆጠረ ደረጃውን ሠራ። አሪትሜቲካል ሃየራርኪ ይባላል። ማለቂያ የሌለው መሰላል ነው። ይህን ተማሪ ብቻ የሆነ ሰው አይሠራውም።

አዘዞ_በር

በዚህኛው እስማማለሁ። ስለ 1943ቱ አላነበብኩም ነበር፣ አነበዋለሁ። በቱሪንግ ጉዳይ ግን አቋሜ ያው ነው። ኮርሱ በቱሪንግ ማሽን ቢጀመር ተማሪ ቶሎ ይገባዋል።

ፒያሳ_ኮደር

እኔ ወደ ሁለተኛው ጥያቄ ልምጣ፤ ሥራ ላይ ይጠቅማል ወይ ላልሽው። እህቴ፣ በደንብ ይጠቅማል። እኔ የምሠራው ከሰነድ ጋር ነው። የአማርኛ መዝገብ ውስጥ ስም መፈለግ ዕለታዊ እንጀራዬ ነው።

ችግሩን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ሀ፣ ሐ፣ ኀ። ሰና ሠ። ጸና ፀ። አንዱ «ፀሐይ» ብሎ ያስገባል፣ ሌላው «ጸሀይ» ብሎ። ኮምፒውተሩ ሁለት የተለያዩ ሰዎች ናቸው ይላል። ስለዚህ እንዲህ እጽፋለሁ፤ ቅንፉ «ውስጤ ካሉት ፊደሎች አንዱ» ማለት ነው፦

[ጸፀ][ሀሐኀሃሓኃ]ይ

ይህ 12 አጻጻፍ በአንዴ ይይዛል። ረዘም ያለ ስም ሲሆን ደግሞ፦

[ሀሐኀሃሓኃ]ይለ[ ፡]*[ስሥ]ላ[ሴሤ]

መሐል ያለችውን ኮከብ ተመልከቺ። አንዱ ጸሐፊ ስሙን ገጥሞ ይጽፈዋል። ሌላው አንድ ክፍተት ይተዋል። ሌላው እጁ ተጭኖ ሦስት ይተዋል። የቆየ ጽሑፍ ላይ ደግሞ በክፍተት ፋንታ ሁለት ነጥብ አለ። ኮከቧ ሁሉንም ትይዛለች፤ ዜሮም ይሁን አንድ፣ አሥርም ይሁን። ፈተና ላይ የምትጽፊያት የክሌኒ ኮከብ ይቺው ናት። ፓይተን ላይ፣ ጃቫስክሪፕት ላይ፣ ተርሚናሉ ላይ ሁሉ አለች።

ማራኪ_ሦስተኛ_ዓመት

ወይኔ! ይህን ማንም አልነገረን። ሬጌክስ፣ እንዲህ ያለውን የፍለጋ አጻጻፍ፣ በፓይተን እጠቀማለሁ፤ አውቶማታ ክፍል ውስጥ የምንማረው እሱ መሆኑን ግን አላገናኘሁትም። ታዲያ ክሌኒ ይህን ለጽሑፍ ፍለጋ ነው የፈጠረው?

ቀሐ_ማዶ

አይደለም። ለአንጎል ነው።

ማክከሎክና ፒትስ በ1943 የነርቭ ሴልን እንደ ቀላል ሎጂክ አድርገው የሚገልጽ ጽሑፍ አሳተሙ። ሴሉ በቂ ምልክት ከመጣለት ይተኩሳል፣ ካልመጣለት ዝም ይላል። በ1951 በጋ ክሌኒ ካሊፎርኒያ፣ ሳንታ ሞኒካ ወደሚገኘው ራንድ ኮርፖሬሽን ሄደ። ያን ጽሑፍ ይዞ አንድ ጥያቄ አነሳ። እንዲህ ያለ የነርቭ መረብ፣ የሴሎቹ ቁጥር የተወሰነ ከሆነ፣ ካለፉት ምልክቶች ውስጥ ምን ምን ዓይነቱን ለይቶ ሊያውቅ ይችላል?

መልሱ በጣም ጥርት ያለ ነበር። ከሦስት ነገር የሚሠራውን ብቻ፤ ይሄ ወይም ያ፣ ይሄ ከዚያ ቀጥሎ ያ፣ እና መድገም። ከዚህ የበለጠ የለም፣ ከዚህ ያነሰም የለም። መረቡ የሚለየው ሁሉ በዚህ ይጻፋል፤ በዚህ የተጻፈውን ሁሉ የሚለይ መረብ ይሠራል። እናንተ «የክሌኒ ቲዎረም» የምትሉት ይሄ ነው። በራንድ ሪፖርት ሆኖ የወጣው በ1951 ነው፤ በመጽሐፍ የታተመው በ1956። እዚያ ላይ ኮከቡ በሁለት ነገር መሐል ነበር የሚቀመጠው፤ አሁን እንደምንጽፈው ከአንድ ነገር ኋላ አልነበረም።

ከዚያ በ1959 ራቢንና ስኮት ነገሩን ይበልጥ አቀለሉት። በ1968 ኬን ቶምፕሰን ይህን አጻጻፍ ተቀብሎ ወደ ፍጥነት ያለው የጽሑፍ መፈለጊያ የሚቀይርበትን መንገድ አሳተመ። ኋላም ዩኒክስ በሚባለው የኮምፒውተር ሥርዓት ላይ ግሬፕ የሚባለው የጽሑፍ መፈለጊያ መጣ። ፒያሳ_ኮደር ፓይተን ላይ የሚጽፋት ኮከብ የመጣችው በዚህ መንገድ ነው። ስለ ነርቭ ከተጠየቀ ጥያቄ ተነስታ፣ በሎጂክ በኩል አልፋ፣ የአማርኛ መዝገብ ላይ ደረሰች።

ፒያሳ_ኮደር

አንድ ነገር ልጨምር። ንድፈ ሐሳቡን ሳያውቁ መጠቀም ዋጋ ያስከፍላል። የክሌኒና የቶምፕሰን መንገድ ፊደሉን አንድ በአንድ እያየ ወደ ፊት ብቻ ይሄዳል። ብዙዎቹ የዛሬ ቋንቋዎች ግን ሬጌክስ ሲያስኬዱ ወደ ኋላ እየተመለሱ ይሞክራሉ። ኮከብ በኮከብ ላይ ሲደረብ ሙከራው ይፈነዳል። ሐምሌ መግቢያ 2019 እ.ኤ.አ. የብዙ ድረ ገጾችን ትራፊክ የሚያስተላልፈው ኩባንያ ክላውድፍሌር ላይ የደረሰው ይሄ ነው። አንድ መጥፎ ሬጌክስ የአገልጋዮቻቸውን ፕሮሰሰር በሙሉ ያዘው፤ በዓለም ዙሪያ ብዙ ድረ ገጽ ለ27 ደቂቃ ያህል ተቋረጠ። ጓደኞችሽ «አይጠቅምም» ሲሉሽ ይህን ንገሪያቸው።

የጉባኤ_ቤት_ልጅ

መምህር፣ ሪከርሽን ቲዎረም የምትለዋስ? እህታችን ከላይ ጠርታት ነበር።

ቀሐ_ማዶ

በአጭሩ፣ ማንኛውም ፕሮግራም የራሱን ኮድ ማግኘት ይችላል ትላለች። «ኮዴን አንብብና እንዲህ አድርግ» የሚል ፕሮግራም ሁልጊዜ ሊጻፍ ይችላል። ፋይሉን ከዲስክ ሳይከፍት የራሱን ኮድ አትሞ የሚያወጣ ፕሮግራም አይታችሁ ከሆነ፣ ያን የሚያስችለው እሷ ናት። የ1938 ሥራ ነው። ማረጋገጫው ሁለት መስመር ነው፣ ግን ሁለት ሳምንት ያስባል። እሷ ለብቻዋ ሌላ ክር ያስፈልጋታል።

አሁን ለጠያቂዋ ልምምድ ልስጥ። ሁለት ፊደል ብቻ አለን፤ ሀ እና ለ። የለ ብዛት ተጋማሽ ቁጥር፣ ማለትም 0፣ 2፣ 4 እያለ፣ የሆነበትን ቃል ሁሉ የሚይዝ አገላለጽ ጻፊ። ሀ ስንትም ይሁን፣ የትም ይግባ። ሁለተኛ፣ መጀመሪያ የተወሰኑ ሀዎች፣ ከዚያ ልክ በዚያው ብዛት ለዎች ያሉበትን ቃል የሚይዝ አገላለጽ ጻፊ።

ማራኪ_ሦስተኛ_ዓመት

ሞከርኩት። የመጀመሪያው፦

ሀ*(ለሀ*ለሀ*)*

ቅንፉ በዞረ ቁጥር ሁለት ለ ይጨምራል፣ ስለዚህ ጎዶሎ አይሆንም። ቅንፉ ዜሮ ጊዜ ከዞረ ሀ ብቻ ይቀራል፣ እሱም ልክ ነው። ስቴቱም፣ ማሽኑ የሚገኝበት ሁኔታ ማለቴ ነው፣ ሁለት ይበቃዋል።

ሁለተኛው ግን አልሄደልኝም። ሀ*ለ* ብዬ ስጽፍ ብዛታቸው አይተካከልም። ስቴት ብጨምርም አንድ ሀ ሲጨምሩብኝ መልሶ ይበላሻል።

አዘዞ_በር

አይሄድም እህቴ፣ የጠየቁሽ ለዚያ ነው። ማሽንሽ ለምሳሌ 50 ስቴት አለው እንበል። 51 ሀ ስታስገቢ የግድ አንድ ስቴት ላይ ሁለቴ ይደርሳል። እነዚያ ሁለት ቦታዎች ላይ የገባው የሀ ብዛት ይለያያል፤ ማሽኑ ግን ልዩነቱን አያውቅም። ቀጥለሽ እኩል ለ ብታስገቢ፣ አንዱን ልክ ነው ካለ ሌላውንም ልክ ነው ይላል። ስለዚህ ይሳሳታል። ለመቁጠር መጠኑ ያልተገደበ ማስታወሻ ያስፈልጋል። ወደ ቱሪንግ የምንሄደውም በዚህ ምክንያት ነው።

ቀሐ_ማዶ

ሁለታችሁም ልክ ናችሁ። የ1951ዱ የራንድ ሪፖርት ራንድ ድረ ገጽ ላይ በነጻ ይገኛል። የአጻጻፍ ምልክቶቹ ከምትማሩት ይለያሉ፤ በዝግታ አንብቡት። መጀመሪያ የነርቭ መረቦቹን ሥዕሎች ተመልከቱ፣ ከዚያ ወደ ማረጋገጫው ሂዱ። የሚያስቸግር ቦታ ካለ እዚሁ ጻፉልኝ።